ከኋላ

በኪልዴር ሜዳ ላይ፣ ዝናብ ባራሰው ሣር፣
አሥራ አንዴ ሮጣ፣ አሥራ አንዴም ስትከብር፣
ከዳማዋ ባዝራ፣ ከጭራዋ በቀር፣
ፊቷን ያየ ፈረስ ከቶውኑ አልነበር።

«አለንጋው ለጌጥ ነው» ይል ነበር ጋላቢዋ፣
እስኪያብጥ ድረስ ያ የፊት ጉልበቷ።

ማርቢያ ገባች ከዚያ። በኩሯ ሞተባት፤
ሁለተኛው ሰንፎ በርካሽ ተሸጠ፤
ባለቤቷም ወጪ እየደማመረ ከንፈሩን መጠጠ።
ፊንታን ብቻ ሌሊት፣ ከጋጣዋ ደጃፍ፣ ጭድ ላይ ተቀመጠ።

በሦስተኛው ዓመት፣ በየካቲት ብርድ፣
ሸምበቆ እግር ያላት ውርንጭላ ወለደች፤
በሩ ሲከፈትም ልጅት ፈተለከች።
በዕድሜዋ ማንንም ያልተከተለች
አንገቷን ዝቅ አርጋ ጭራ ተከተለች።

ፊንታን ሰዓት ሊይዝ እጁን ኪሱ ከቶ
ተወው፤
አጥሩን ይዞ ቆመ፣ በካፊያ ተመቶ።