ንፋሱ ከግራ ነው

ከብሔራዊ ቴአትር ጀርባ፣ ሦስተኛው ፎቅ ላይ፣
ቅዳሜ ቅዳሜ፣ ዝናብም ሆነ ፀሐይ፣
አምስት ነን፤ ስድስት ነን የናሁሰናይ እህት ካልቀረች
(የማትሪክ ተፈታኝ ናት፤ ፊልሙን ግን ከሁላችን በላይ ታውቃለች)።
ቢሮው የምንታምር አጎት ነው፤ ሰኞ ግብር የሚሰላበት፣
ቅዳሜ ግን ዓሣ ነባሪ በጣራው የሚዋኝበት።
መስኮቱን በፓስታ ካርቶን እንደፍናለን፣
አንሶላ ወጥረን ፕሮጀክተሩን እንለምናለን።

ትርሲት አንድ ቀን ሰማያዊ ዊግ አጥልቃ
ከአራት ኪሎ በታክሲ መጣች፣ ተጣብቃ፣ ተጨናንቃ፤
«ሰማያዊዋ፣ ሒሳብ!» አላት ረዳቱ፣ ሳይገርመው፣ ሳይስቅ፤
ስሟ እሱው ሆኖ ቀረ፤ መዝገብ ላይ ያለውን ማን ይጠይቅ።

ታች በሩ ላይ ግን ዘበኛው፣ ጋሽ ድልነሳ፣
ጎልፍ ከተከፈተ፣ ስሙ ድልነሳ፣ እሱ አይነሳ፤
ክላክስ ቢነፋ አይነሳ፣
ባለሕንፃው ቢመጣ አይነሳ።
ልጅ ሳለ ካዲ ነበር፣ በአሮጌው ኤርፖርት ሜዳ፤
የስንቱን ዲፕሎማት ዱላ፣ የስንቱን ከረጢት ዕዳ
ተሸክሞ፣ ዐሥራ ስምንቱን ጉድጓድ ዞሯል፤
«ትከሻዬ» ይላል «እስከ ዛሬ በፈረንሳይኛ ያመኛል»።
ተጫዋቾቹን በስም አይጠራም፣ በአመላቸው እንጂ፦
አንዱ «ውሃ ወዳድ» ነው፣ ኳስ ኩሬ ውስጥ ፈጂ፤
አንዱ «ሙሽራው»፣ ሳይመታ ሱሪውን ሦስቴ የሚያስተካክል፤
አንዱ «ንስሐ»፣ በሳተ ቁጥር ሰማይ ሰማይ የሚል።

ደረጃ ስንወጣ ይተኩሳል፦ «እናንተ የሥዕል ምርኮኞች!
ዓይናቸው ሲኒ ለሚያክል ልጆች የምታለቅሱ ጎረምሶች!»
የናሁሰናይ አፍ አያርፍም፦ «እርስዎስ? ትልቅ ሰው በዱላ
እንቁላል ሲያሳድድ ማየት፣ ምኑ ነው የዚህ ጨዋታ መላ?»
«ዝም በል! ሊመታ ነው» ይላል፣ ድምፁን ቀብሮ፤
የቴሌቪዥኑ ሰውዬም ያንሾካሽካል፣ አብሮ፤
እኛም በእግራችን ጣት እንወጣለን፣
ሕመምተኛ የተኛበት ቤት ይመስል፤ «እግዜር ይማርዎ» ልንል ምንም አይቀረን።

ሐምሌ ላይ፣ ውድድሩ በተጋጋለበት ሰዓት፣
የዲኮደሩ ወርኃዊ ክፍያ አለቀበት።
ዱላውን ይዞ መጣ፤ በራችን ላይ ቆመ።
«ዝናቡ እስኪያባራ ነው» አለ።
ዝናብ አልነበረም።

አንሶላው ላይ አንዲት ልጅ፣ ኮረብታ፣ ደብዳቤ በእጇ።
ሣሩ ይተኛል፣ ሣሩ ይነሳል፤ ሌላ ነገር የለም።
ሦስት ደቂቃ። ሌላ ሰው ቢሆን «ተበላሽቷል እንዴ?» ባለ።
ጋሽ ድልነሳ ዓይኑን አጠበበ፣
ጣቱን ምራቅ አስነክቶ ዘረጋው፣ እዚያ ጨለማ ውስጥ፦
«ንፋሱ ከግራ ነው። አሁን ከለቀቀችው
ከዚያ ከዛፉ ጀርባ ነው የሚወድቅባት።»
ለቀቀችው።
ከዛፉ ጀርባ ወደቀ።

ናሁሰናይ ፊልሙን ሰባት ጊዜ አይቶታል፤
የሠዓሊዎቹን ስም እንደ ዳዊት ይደግመዋል፤
ንፋሱን ግን አላየውም ነበር።
«ይኼን ሣር የሳለው ሰውዬ» አለ ሽማግሌው፣ ቀስ ብሎ፣
«ካዲ ነበረ?»

በሳምንቱ ብር አዋጥተን ዲኮደሩን ከፈልን፤
ዘበኛ ቤቷ ውስጥ ስድስታችን ከእሱ ጋር ተጠቅጥቀን።
«ውሃ ወዳድ» ገፋት፤ ተንከባለለች፣
የጉድጓዱ ከንፈር ላይ ስትደርስ ቆመች።
«ምን ይጠብቃል?» አለች ሰማያዊዋ።
«ሕጉ ነው፤ ዐሥር ሰከንድ ይሰጣታል፤ ከወደቀች ወደቀች።»
ማን እንደጀመረው እንጃ፣ ከፊልም በለቃቀምናት ጃፓንኛ፣
በሹክሹክታ፦ ኢቺ፣ ኒ፣ ሳን፣ ሺ…
«እንዴት ነው፣ አራተኛው ላይ ሺ?»
አለ ጋሽ ድልነሳ፣ ዓይኑን ከኳሷ ሳይነቅል።
ውጭ ረዳቱ «ሜክሲኮ! ሜክሲኮ!» ይላል።
ጎ…
ሮኩ ላይ መብራት ጠፋ።
ማንም አልተነሳ።