ተባለች

ፀሐይ ኅዳር ሲገባ ተሰናብታ፣
እስከ ጥር አጋማሽ በሯን ዘግታ
በምትሄድባት የኖርዌይ ደሴት፣
ኦድቬይግ ትነቃለች፣ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት።
ሠላሳ ሁለት ዓመት የመረብ ፋብሪካ ሒሳብ የያዘች ናት፤
ዛሬ ጡረታ ላይ፣ ቁጥሩ ጥሏት ሄዶ ቃል ነው የቀራት።

ማንም በሚጽፈው፣ ማንም በሚያርመው መዝገበ ዕውቀት
ስለ ደሴታቸው ስድስት አንቀጽ አለ።
አምስቱ ስለ ዓሣ፤
ስድስተኛው ግን እሳት ያልጨረሰው የአንዲት ሴት ሬሳ፦

«ሲነቫ የኒልስ ልጅ፣ ጠንቋይ የነበረች፣
በሺህ ስድስት መቶ ሃምሳ አራት እዚሁ ተቃጠለች።»

ይኸው ነው። አንዲት መስመር ሕይወት፣
አራት ነጥብ ሞት።

«ነበረች» ላይ ደርሳ ጣቷ ቆመ።
«ማን አይቶ?» አለች ለባዶው ማድቤት።
አጠፋች። ጻፈች፦ «ጠንቋይ የተባለች»።
ጠዋት (ጠዋት ካሉት፣ ጨለማው ያው ነበር) «ነበረች» ተመለሰች።

መላሹ ቱርገይር ነው፣ የመርከብ መካኒክ፣
በናፍጣም እጁ የሚጠብቅ ታሪክ።
«ምንጭ!» ይላል፤ «ምንጭ አምጪ! የዳኛው መዝገብ
ጠንቋይ ይላል እኮ፤ የኛ ሥራ ማንበብ፣
መገልበጥ ነው እንጂ ማዘን አይደለም።
እንባ ማስረጃ ነው የሚል ሕግ የለም።»

«የዳኛውን መዝገብማ አየሁት፤
ጣቷን በጉጠት ይዘው ያስጮኋት ዕለት
ያወጣችው ቃል ነው። ጩኸት ምንጭ ከሆነ፣
ከዚያ በፊት የነበረው ዝምታዋስ የት ተመዘነ?»

ከትሮንድሃይም ደግሞ ዩሩን የምትባል ተማሪ ገባች፤
«ተቃጠለችም ልክ አይደለም» አለች።
«ቤት ነው የሚቃጠል፣ ዳቦ ነው የሚያርር፤
ሰው ግን ያቃጥላል። የለኮሰው ማን እንደሆነ ግሡ ይናገር።
አቃጠሏት በሉ።»
                    «እነማን?» አለ ቱርገይር።

ረጅም ፀጥታ።

ሦስት ሳምንት ሆነው። ክርክሩ ከአንቀጹ ዐሥር እጥፍ ረዘመ።
አንዱ ተጠርጣሪ፣ አንዱ ሰለባ፣ አንዱ ምስኪን ብሎ ጻፈ፤
ምስኪን ወዲያው ጠፋች፤ «ቅጽል ሙሾ አውራጅ አይደለም» ሲል ቱርገይር ለፈፈ።

(በእኔ ፊደል ቢሆን ሙግቱ የተጻፈ፣
«ባ» እግሩን አውልቆ ለ«ለ» ካሳለፈ፣
ተባለች ያልነው ቃል ተበላች ይሆናል፤
ከስም እስከ ጥርስ ድረስ አንድ እግር ይበቃል።)

ኦድቬይግ የምታውቀው ሒሳብ ነው። ሰው ሲዋሽ ብዙ ዐይታለች፣
ደረሰኝ ግን እምብዛም። ለቤተ መዛግብቱ ጻፈች፣
የዚያን ዓመት ወጪ ገጹን አስላከች፦

      ሬንጅ፣ ሁለት በርሜል።
      ገመድ።
      ቢራ፣ ለአሳሪዎቹ።
      ደረቅ እንጨት፣ ሦስት ጭነት። ተከፋይ፣ ኤሊንግ ብሮትኔስ።

አነበበች። መነጽሯን ጠርጋ ደገመች።
ብሮትኔስ የበሯ ላይ ስም ነው፣ የተቀረጸ በነሐስ፤
የአባቷ ጀልባ ስም ነው፤
የልጇ ልጅ ክፍል ውስጥ «አቤት» የምትልበት ነው።

ቱርገይርም አየ። ለመጀመሪያ ጊዜ ሕግ ሳይጠቅስ ጻፈ፦
«ከፈለግሽ ተቃጠለች ይቆይ። አጭር ነው። ዘመኑም አለፈ።»
እሷ ግን «ምንጭ አምጪ አላልክም? ይኸውልህ ምንጭ» አለች፤
ስሙን ሳትዘል፣ ፊደል በፊደል ጻፈች።

በደሴቲቱ ላይ ክፉ ቃል የለም የተናገራት፤
ሱቅ ስትገባ ግን ያጎቷ ልጅ መልስ ቆጥሮ ሰጥቶ፣ ዐይኑን ነፈጋት።

ጥር ሲጋመስ ፀሐይ ለአራት ደቂቃ ብቅ አለች።
መስመሩ እንዲህ ሆኗል፦
«ሲነቫ የኒልስ ልጅ፣ ጠንቋይ የተባለች።
አቃጠሏት። እንጨቱን ኤሊንግ ብሮትኔስ ሸጠ።»

ከዚያ አንድ ስም የለሽ፣ ምናልባት ከማዶ፣ ምናልባት ከጎረቤት፣
ማታ ገብቶ ኖሮ ሦስት ቃል ጨምሯል፦
«ዓሣ ታደርቅ ነበር።»

ቱርገይር፣ እጁ ስለለመደ፣ «ምንጭ ይጠቀስ» ብሎ አጠገቡ ለጥፏል።
አልሰረዘውም ግን።
ኦድቬይግም ምንጭ የላትም።
ማታ ማታ ከፍታ ታየዋለች፤
በዚህኛው «ነበር» ላይ ጣቷ አልቆመም።