አውራ ጣት

የመጣህ ሰሞን ያን ዓይንህን ደቅነህ፣
አሞራ ገደል ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጠህ፣
እኔ ምኑን አውቄ፣ ፎቶ መስሎኝ ነበር፤
ሽርጤን ፈትቼ ጣልኩ፣ ቆምኩልህ በክብር።
«ዙሪ» አላልከኝም፣ «ሳቂ» አላልከኝም፤
አንገትህን ደፋህ፤ አላነሣኸኝም።

በማግስቱ ደግሞ ሙያ ላሳይ ብዬ፣
አምባዛውን ገፈፍኩ ቢላዬን ስዬ፤
ላታሞን ሰደብኩት ከጀልባው ሳይወርድ፣
ሰው እስኪዞር ሳቅኩኝ፣ ሐይቁ እስኪርድ።
ያንንም አልፈለግህ።
ድንጋይህ ላይ ሆነህ ውኃ ውኃውን አየህ።

ወር አለፈ። ዝናብ ገባ። ሸራችንን ነፋስ ቀደደ።
አባ ኮዳ፣ ያ ራሰ በራ፣ ወገኑ አድርጎህ ለመደ፤
ከእግርህ ሥር አንጀት ይለቅማል፤
ጎን ለጎን ናችሁ፤ ከእኛ የሚወድቅ ይጠበቃል።
«ምንድን ነው የምትጠብቀው?» አልኩህ አንድ ቀን ነገሩ ቢከብደኝ።
«እኔም አላውቅም እኮ፤ ሲመጣ ነው የሚገባኝ።»

ከዚያ ረሳሁህ፣ በቃ።
ካላመመው በቀር ጥርሱን ማን ያስታውሳል?
የጀልባ ኪራይ አለ፤ የልጅ ደብተር አለ፤ በረዶው በቀትር ያልቃል፤
ዳንጊሶ መረቤን ቀዶ «አልቀደድኩም» ብሎ ይምላል።
ያኔ ነው አውራ ጣቴ፣
እንዲያው የለመደባት፣ ሰው የማያውቃት ጉልበቴ፣
ሚዛኑ ጫፍ ላይ እንደ ዝንብ ቀስ ብላ ያረፈችው፤
ለባለመኪናው እንግዳ ሩብ ኪሎ ነፋስ የሸጠችው።

ለሰው ሁሉ ሳይታይ እኔን ቀድመህ ጠራኸኝ፤
ባጃጅ ከፍለህ፣ ታቦር ሥር ከኪራይ ቤትህ ወሰድከኝ።
ኮምፒዩተሩ ውስጥ አንዲት ሴት፣ ከጀርባ፣ ጎንበስ ብላለች፤
«ይቺ ማናት?» ልልህ ስል ዞር አለች።
ደነገጥኩ። እንዲህ ነው ሲደክመኝ ፊቴ?
ከዚያ መጣች፣ እንደ ጀልባ ገዝፋ፣ አውራ ጣቴ።

አቆምከው። «ላውጣው?» አልክ ቀስ ብለህ።
ዝም አልኩህ።
ዝምታን ካንተ ነው የተማርኩት፤ እስኪ ቅመሰው ብዬህ።

«ስንት ቀን ቀረጽክ?»
«መቶ አሥር።»
«የሚታየውስ?»
«ሰዓት ተኩል።»
«የቀረውስ የት ነው፣ ካሌብ?
ለማቶሼ ልጆች ሦስት ቆሮሶ በነጻ የሰጠሁለት፣
አንተም ድንጋይህ ላይ ነበርክ፤ ታዲያ የት ገባ ያ ዕለት?»
«ብርሃኑ ጥሩ አልነበረም» አልከኝ።

ብርሃን!
እኔ ጣቴን በብረት ላይ፣ አንተ በቀኔ ላይ ታሳርፋለህ፤
እኔን ደንበኛ ይጣላኛል፣ አንተን ያጨበጭብልሃል።

ጎንበስ ብለህ እጅህን አየህ።
አውራ ጣትህ ቁልፉ ላይ ነበረች፤ አላነሣሃትም፤ ፈራህ።
«ተዋት» አልኩህ። «የእኔ ትታይ። ሰው ይሳቅ፤ ሩብ ኪሎ አለብኝ።
ያንተ ግን የት የት እንዳረፈች፣ አንድ ቀን፣ አንተው ንገረኝ።»

ነገ ትመጣለህ አይደል? ድንጋይህ በጠዋት ርጥብ ነው፤
የማዳበሪያ ጆንያ አንጥፌልሃለሁ። ዝናቡ ነው የማይታመነው።