ሳቢያ

«ሊብሬ» አለኝ ፖሊሱ፣ ክንዱን መስኮቴ ላይ ጥሎ፤
ሰጠሁት። «ታርጋ» አለና ዞሮ አየ። ደግሞ «ቦሎ»።
የአባቴ ጋራዥ ቃላት፣ በግራሶ የተለወሱ፣
ጓስታላ፣ ፖ ወንዝ ዳር፣ ወደ ወላጆቻቸው አፍ ሲመለሱ
ሰምቼ ሳላስበው ፈገግ አልኩ።
እነሱ ግን ሥራ ላይ ናቸው፤ ስፖንዳዬን በሜትር ለኩ፣
የእጅ ባትሪ አበሩ፣ ጉሙን እየቀደዱ፤
አሥራ ሁለት ሜትር ኩብ፣ ውሃው ገና የሚንጠባጠብ በመንገዱ።

«ሳቢያ» አለኝ።
ይቺን አባቴ አላስተማረኝም። እኔ የማውቃት ሳቢያ
ሰበብ ናት፤ የተፈለገ ሰው ማንጠልጠያ፣
ጠብ ያማረው ጎረቤት ደጅህ ላይ የሚያኖራት።
«የምን ሳቢያ?» አልኩት፣ በአማርኛ፣ በምሬት።
ከኋላ አንድ እፍኝ ዘግኖ እፊቴ አመጣ፤
በጓንቱ ጣቶች መሀል እየሾለከ ወጣ።
አሸዋ ማለት ነው ለካ።

እውነቱን ልናገር? ሌሊት የሚጫን አሸዋ
«ከየት ነህ?» አይባልም።
ቦንፋቲ «ፈቃዱ ነገ ይደርሳል» አለኝ፤ እኔም አልመረመርኩም።
የልጄ የጥርስ ሽቦ ክፍያ ነበረብኝ፣ የመጨረሻው ሦስት ወር፤
በሦስተኛው ጭነት ጉሙ ሰማያዊ መብራት ወለደ፣
ያለ ጡሩምባ፣ ያለ ነገር።
በማግስቱ የቦንፋቲ ስልክ ይጠራል፣ አይነሳም፤
ሰውዬው ጭራሽ አያውቀኝም፣ ስሜን እንኳ አያነሳም።

መኪናዬ ከከተማ ውጭ፣ በቆርቆሮ አጥር ግቢ ታሰረች፤
ስትሄድ ናፍጣ የምትበላ፣ ቆማ ዩሮ መብላት ተማረች፤
በቀን ዘጠኝ። ለእሑድም ዘጠኝ። ለፋሲካም ዘጠኝ።
ጠበቃዬ ሲኞራ ዞቦሊ «ትዕግስት» የሚል አንድ ቃል ላከችልኝ፤
ለሱም ደረሰኝ ነበረው።
እኔ በብስክሌት እየሄድኩ በአጥሩ ቀዳዳ አያታለሁ፤
«አይዞሽ» እላታለሁ። ሰው ሲያልፍ ስልክ የማወራ እመስላለሁ።

ዘበኛው ኦዲሎ፣ ጡረታው ያልበቃው ሽማግሌ፣
ግንቦት ላይ በሩን ከፈተልኝና «ውጣ፣ እይ» አለኝ።
ፒዮፖ የሚሉት የወንዝ ዳር ዛፍ ጥጡን አዝንሞ፣ አዝንሞ፣
በተያዘው አሸዋ ላይ፣ በማስረጃው ላይ፣
ቡቃያ ቆሟል፣ ጣት የሚያህል፣ ለምልሞ።
«ማስረጃ አይነካም» አልኩት።
«እኔ አልነካሁትም» አለኝ፣
የውሃ ማጠጫውን ከጀርባው ደብቆ።

በመቶ አርባኛው ቀን ወረቀቱ መጣ፦
ተሽከርካሪው ይለቀቅ። አሸዋው ከወጣበት ይመለስ፣ ፖሊስ ባለበት።
የግቢው ኪራይ አንድ ሺህ ሁለት መቶ ስልሳ ዩሮ፣
ይህም በባለቤቱ አንገት።
ጥፋተኛ ነህ አላለም። ንጹሕ ነህም አላለም።
ወረቀት እንዲህ ያለ ነገር ለሰው አይልም።

ባትሪዋ ሞቷል። የኦዲሎ ትንሽ ፊያት በገመድ ነፍስ አበደረችን፤
ሞተሪኖው አቃሰተ፣ አስነጠሰ፣ ጥቁር ጢሱን አለበሰን።
ፍሪሲዮን ረገጥኩ። ማርሽ ገባ። ጉልበቴ ተንቀጠቀጠ፤
አምስት ወር ገደማ የተኛው ጎማ ከአፈሩ እንደ ቅርፊት ተላጠ።

ወንዙ ዳር ያው ፖሊስ ቆሟል፤ ጉም የለም፣ ፊቱ ልጅ ነው ለካ።
ገለበጥኩ። አሸዋው ከነቡቃያው ወረደ፣ ስፖንዳው ተንኳኳ።
እሱ ፈረመ። እኔ ፈረምኩ።
ወንዙ አልፈረመም፤
የተመለሰለትን አይቆጥርም፣ የተወሰደበትንም።

ማታ ስጠርግ፣ ከስፖንዳው ጥግ አንድ እፍኝ ቀርታ አገኘሁ፣
እርጥብ፣ ከአንድ ቅጠል ጋር።
በመዳፌ ይዣት ቆምኩ።
«ሳቢያ» አልኳት፣ በሁለቱም ቋንቋ።
አሁን ይቺን የት ላድርሳት? በማን ፊት? በየትኛው ፊርማ?