ብዛ

ከኤንጉሪ ወንዝ ወዲህ፣ ዝናብ በማይጠፋበት፣
ጉም እንደ ተከራይ ዓመቱን በሚኖርበት፣
ናዚብሮላ የሚሏት ጡረታ የወጣች መምህርት
አጥር አላት፣ አረንጓዴ፣ እስከ ወገቧ ቁመት።

ስሙን ጠየቅኋት፤ «ብዛ» አለችኝ ባጭሩ።
ሣቅሁ፤ በእኛ ቋንቋ ምርቃት ነው ነገሩ፦
በሠርግ ቀን ሽማግሌ የሚለው ነው፦ «ብዛ!»
እሷ ግን አልሣቀች፦ «ሌላ ነው የበዛ።»

ጎንበስ ብላ አንዲት ቅጠል ገለበጠች፤
ሲጋራ እንደነካው ጨርቅ ነቁጥ አሳየች፦
መሐሉ ቡናማ፣ ዙሪያው የጠቆረ፣
ከሥሩ ነጭ ዱቄት፣ በርጥበት ያደረ።
ግንዱንም አየሁት፤ በጥቁር እርሳስ
ተማሪ ያሰመረው መስሎ፣ እስከ ሥር ድረስ።

«ፈንገስ ነው» አለችኝ፤ «ከላይ ከተራራው
ስንት ነገሥታት ያየ ብዛ ነበር ጫካው፤
በጥቂት ዓመት ዝናብ ቅጠሉን አራግፎ
አጽሙ ቆሞ ቀረ፣ የዛፍ ሽበት ታቅፎ።»

ወደ ግቢዋ ግን በስጦታ ነው የገባ፤
ቫርላም፣ የእኅቷ ልጅ፣ በልደቷ፣ እንደ አበባ
ሁለት የሸክላ ችግኝ ከባቱሚ ገዝቶ
«አጥርሽ ክፍተት አለው» ብሎ ተክሎ ሄደ፣ ራት በልቶ።
ማን ይጠርጥር? ቅጠላቸው ያብረቀርቅ ነበር።
እንግዳ ችግኝ ወር ሙሉ ለብቻው ይቆይ የሚል ሕግ አልነበር።
አሁን አለ።

እኔንም በሯ ላይ አቁማ ጫማዬን አስፋቀችኝ፤
«ጭቃህ ከማን አጥር እንደመጣ ምን ያሳውቀኛል?» አለችኝ።
ጤዛ ሳይደርቅ አትቆርጥም፤ ትጠብቃለች
ፀሐይ አጥሩ ላይ ተቀምጣ እስክትሰለች፤
ከዚያ መቀሷን በቻቻ ትነክራለች፣
ባሏ ቢችኮ ከወይን ባወጣው አረቄ፣
ለልጁ ሠርግ ብሎ ባስቀመጠው።
«ሃምሳ ሁለት ዲግሪ!» ይላል ራሱን እየነቀነቀ፣
«እኔ ጦሜን ሳድር፣ በመቀስ ጉሮሮ አለቀ!»
እሷ አትሰማም፤ ከአንዱ ግንድ ወደ አንዱ ሳትሻገር
ዳግም ትነክረዋለች፣ ያለ አንዳች ንግግር።

መሐሉን ታሳሳለች፣ ነፋስ ይለፍበት ብላ፤
የወደቀውን ቅጠል በአሮጌ አንሶላ ጠቅልላ
ታቃጥላለች፤ ለኮምፖስት አትሰጥም፤
ውሃ ከሥሩ እንጂ በአናቱ አትረጭም።
መሬቱን በገለባ ጉዝጓዝ ሸፍናዋለች፤
«ዝናብ አፈር ሲመታ ሞት ይዘላል» ትላለች።
የመዳቡንም መድኃኒት፣ ደመና ሳይቀድማት፣
ለጤነኛው ትረጫለች፤ ለምን ብዬ ጠየቅኋት።
«የታመመውን አያድንም፤
ይከላከላል እንጂ ሙት ማስነሣት አያውቅም።»

ሆሣዕና ደረሰ። እዚያ በዘንባባ ፈንታ
የሚያዘው ብዛ ነው፣ ሲመጣ ጌታ።
ጎረቤቷ ፂዩሪ ከልጆቿ ጋር አንኳኳች፦
«እንደ ሁልጊዜው፣ አንዳንድ ዝንጣፊ» አለች።
ናዚብሮላ፣ አርባ ዓመት ሰጥታ፣ «የለም» አለች።

«ዝንጣፊው ቤተ ክርስቲያን ይገባል፣ መቃብር ላይ ያድራል፣
ከዚያ በየደጃችሁ፣ በየጓዳችሁ ይሰቀላል፤
በረከት ነው እያልኩ በእጄ ምን ላድል?»
ከወንዙ ዳር የአኻያ ቀንበጥ ቆርጣ
ለልጆቹ አደለች፣ ኀፍረቷን ውጣ።
«ይሄ ብዛ አይደለም!» አለ ትንሹ ጌጋ።
ፂዩሪ ሳትሰናበት ሄደች፣ በሩን ሳትዘጋ።

ግንቦት ላይ፣ እስከ መሬት ከተቆረጠው ጉቶ
ጥፍር የምታህል ቅጠል ወጣች፣ ቅርፊቱ ተከፍቶ።
ናዚብሮላ መነጽሯን አድርጋ
ገልብጣ አየቻት፣ እንደ መምህር፣ ስሕተት ፍለጋ።
ምንም አላለችኝ።

እኔ ግን ስወጣ፣ ከአጥሩ ጥግ ቆሜ
«ብዛ» ልለው ነበር፣ ቋንቋዬን ተሸክሜ፤
ስም ይሁን ምርቃት ለራሴም ሳይገባኝ፣
ፈንገሱም ጆሮ ቢኖረውስ የሚል ፍርሃት ያዘኝ።
ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ ለቅጠሏ ብቻ፣
«ብዢ» አልኳት።