ከምድጃው ጀርባ

ከጦሳ ላይ ጭጋግ ወርዶ ሸዋ በርን ሲከድናት፣
የመናኸሪያው ጩኸት በርዶ ውሻም መጮኽ ሲታክታት፣
እኔ ሊጥ ላይ ነኝ፤
የሌሊት ዳቦ ጋጋሪ፣ ቀኑን ተኝቶ አዳሪ።

ከምድጃው ጀርባ ግድግዳ፣ ከግድግዳው ጀርባ እነሱ፤
ጦይብ፣ ደርበው፣ ደግሞ ትንሹ፣ «ኩርማን» የተባለው እሱ።
ሦስት ልጅ፣ አንድ ማዳበሪያ፤ «ዩሪያ» የሚል ጽሑፍ ያለው፤
እግራቸውን ከተው በውስጡ፣ ጀርባቸው ጡብ ተደግፎ ነው
ሙቀቱ የሚደርሳቸው።
ግን ግድግዳው እኩል አይሞቅም፤
ከእሳቱ ትክክል ያለች አንዲት ክንድ ቦታ ናት የምትፋጅ፤
በተራ ነው የሚያድሩባት። የተራው ዳኛ ጦይብ ነው፣
የአገር ሽማግሌ ይመስል፣ ገና አሥራ ሁለት ቢሆነው።

ደርበው ከደላንታ መጣ፣ አይሱዙ ላይ፣ ከምስር ጆንያ መሀል።
ኩርማን ከየት እንደመጣ እሱም አያውቅ፣ ማንም አያውቅ፤
ቀን ሃይላንድ ይለቅማል። ሆቴል በር ላይ ቡሌ ሲጠብቅ
ሁለት ጊዜ ተደብድቧል። ስለ ዱላው አያወራም፤
ፌስታሉ ውስጥ ስለነበረች አንዲት ቁራጭ ሥጋ ነው ወሬው።
ይህን ሁሉ በጡቡ ስንጥቅ ሰማሁ እንጂ
መንገድ ላይ ባገኛቸው አላውቃቸውም፣
በሳላቸው ካልሆነ በቀር።

ሲበርዳቸው ያንኳኳሉ፤ ሦስት ጊዜ፣ በጠጠር።
ማገዶ ጨምር ማለት ነው። እኔም እጨምራለሁ፤
ባለቤቱ ቆጥሮ የሰጠኝን ፍልጥ፣ ቁጥር እሳሳታለሁ።
ከዚያ በአካፋው እጀታ አንዴ ጡቡን መታ፤
«አብሽሩ» ማለቴ ነው።

ሰኞ ዕለት አዲስ ምድጃ መጣ፣ በኤሌክትሪክ የሚሠራ፤
በሩ መስታወት፣ ቁልፉ ቀይ፣
በወዲያኛው ግድግዳ ተተከለ፣ በመንገዱ በኩል፣ ሰው እንዲያይ።
ጭስ የለ፣ ፍልጥ የለ። ባለቤቱ «ሠለጠንን» አለ።
እውነቴን ነው፣ እኔም ደስ አለኝ፤
ዓይኔ ማልቀሱን ተወ።

ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ፣ ሦስት ጊዜ።
ዝም አልኩ።
እንደገና፣ ሦስት ጊዜ።
ከዚያ ጦይብ፣ የዳኛ ድምፁን ጥሎ፣ በስንጥቁ፦
«ጋሼ፣ እሳቱ ጠፋ እንዴ?
ወላሂ ዛሬ ተራው የኩርማን ነበር።»

ጠፋ እንዳልል አልጠፋም፤ ይነዳል፣ ፊቱን ብቻ አዞረ።
አካፋውን አነሳሁ። «አብሽሩ» ልል።
መልሼ አስቀመጥኩት።
ክንዴን ከሊጡ አውጥቼ፣ ዱቄቱን እንኳ ሳላራግፍ፣
መዳፌን ጡቡ ላይ ጫንኩ፣
ወዲያ ማዶ የሚሞቅ መስሎኝ።