የላይኛው ቤት በር

ሰው የዳኛ ደጅ ይጠናል፤ እኔ የባለዕዳ ደጅ፤
በቮሎስ፣ በወደቡ ከተማ፣ ማኅተም ያለው ወረቀት በእጅ።
ውሻው ያውቀኛል በኮቴዬ፣ መጋረጃው ያውቀኛል በጥላዬ፤
መጠጥ ቤት ስገባ ወንበር ይለቀቃል፣ ግራ ቀኜ፣ ፊትና ኋላዬ።

ኤቫንቲያ ግን ከፈተች፣ በሁለተኛው መምታቴ፤
«ግባ» አለች፣ «ሜትርህን ይዘህ፤ ተለክቶ ይለቅ ቤቴ።»
ለካሁ። ሰማንያ አራት ካሬ፣ ሁለት ክፍልና ጓዳ፤
ሎሚው ከመሬቱ ጋር ይሄዳል፣ ከነፍሬው፣ ለባንኩ ዕዳ።
ከዚያ ደረጃውን ያዝሁ፤ ጠምዘዝ ብሎ ይወጣል፣
በር ይመጣል ስትል፣ በበር ፈንታ ሰማይ ይመጣል።
ብረቱ ከየምሰሶው ራስ ወጥቶ፣ ሸማኔ እንደተወው ድር፣
በጫፉ ላይ የተደፋ የውሃ ኮዳ፣ ነፋስ ሲመታው ሲነጋገር።

«ይኼ የፖሊክሴኒ ቤት ነው» አለችኝ፣ ከኋላዬ ቆማ፤
«ሳሎኗ እዚህ፣ መኝታዋ እዚያ፣ መስኮቷ ወደ ባሕር፣ ወደ ከተማ።
ባሌ የተበደረው ለዚህ ነው።
ምሰሶው ሲቆም እሱ ወደቀ። ልጄ ገና ሳትወልድ፣
ወለዱ ወለደ፤ የልጅ ልጅ አየ፤ ቤቱን ሞላው የባንክ ትውልድ።
ብረቱን ቆጥረኸዋል?»
«ሃያ አራት።»
«እንግዲያ ጻፍ፣ ሁለተኛ ፎቅ።»
«ብረት እንጂ ፎቅ አላየሁም» አልኋት፣ «ሕግ ምኞት አያውቅ።»
ጻፍሁ፦ «የዛገ ብረት፣ ጣሪያ ላይ፤ ዋጋ የማይሰጠው።»
እስክሪብቶዬ ተንቀጠቀጠ ብል ውሸት ነው፤ ሥራዬ ነው፤ የለመድሁት ነው።

ሐራጁ ረቡዕ ነበር፣ ከሰዓት፣ በፍርድ ቤቱ ምድር ቤት።
በመጀመሪያው ማንም አልመጣም፤ በገዛ ጎረቤት
እጅ ማውጣት ሰው አፈረ።
በሁለተኛው መነሻ ዋጋው ዝቅ አለ፤
ዓሣ ሻጩ ስቴርዮስ ገባ፤ ባርኔጣውን አወለቀ፤ ዝም አለ።
ከእሷ ጋር በአጥር ሰበብ ሃያ ዓመት ተኮራርፈዋል፤
«ሊገዛው ነው» ብለው ሁሉም በዓይን ተጠቃቅሰዋል።
እጁን አላነሣም። ሰዓቱ አለፈ። ወጣ።
በሦስተኛው ረቡዕ ከአቴንስ አንድ ጠበቃ መጣ፣
ስሙ ሦስት ፊደል ብቻ ለሆነ ኩባንያ።
አራት ደቂቃ ፈጀ፤ ከአንድ ኪሎ ቲማቲም ያጠረ ገበያ።
ማኅተሙ ሲያርፍ አንዲት ዝንብ ነበረች፣ ጠረጴዛው ላይ፤
አልተነሣችም።

ቁልፍ ልረከብ የሄድሁ በኅዳር ነው፣ በጠዋት፤
ቤቱ ባዶ፣ ግድግዳው የሥዕል ጥላ እንጂ ሥዕል የሌለበት።
ሁለት ቁልፍ ሰጠችኝ። ሦስተኛውን ግን ጨበጠች።
«እሱስ?» አልኋት። «እሱማ የላይኛው ቤት ነው» ብላ መጋዘኑን ከፈተች።
በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ቆሟል፤ ከነመቃኑ፣ አረንጓዴ የተቀባ፤
በቅናሽ የተገዛ በር፣ ዐሥራ ስድስት ዓመት ሰው ያልወጣበት፣ ሰው ያልገባ።

ሕጉን አሰብሁ። መያዣው ቤቱና መሬቱ ነው፣ ውሉ ላይ እንደተባለ፤
በሩ ግን ተንቀሳቃሽ ነው፤ እንደ ድስት፤ ግንብ ላይ ያልተተከለ።
«ውሰጂው» አልሁ።
ስቴርዮስ አጥሩ ጋ መኪናውን አቁሟል፤ ሰላምታ የለ፣ ቃል የለ፤
በአንድ ጫፍ እሱ፣ በአንድ ጫፍ እኔ፤ በሩ በዓሣ ሣጥኖቹ ላይ ዋለ።
ሪፖርቴ አጭር ነበር፦ «ባዶ ተረከብሁ። ቁልፍ፣ ሁለት።»
ብረቱንም ጨመርሁ፣ ማንም ሳይጠይቀኝ፦ «ሃያ አራት።»

እሷ ላሪሳ ናት አሉ፣ ከእህቷ ዘንድ።
ትናንት በስቴርዮስ ጓሮ ሳልፍ፣ በሩን አየሁት ቆሞ፣
በሁለት ግንድ መሐል፣ ቀለሙ በጨው ነፋስ ገርጥቶ፣ ደክሞ።
ከፊቱ ሣር፣ ከኋላው ሣር፤ ቤት የለውም፤ ዕዳም የለውም።
እጀታውን ያዝሁ፣ እንዲያው እንደ ልማዴ፤ ማንንም ልጠራ አይደለም።
ተቆልፏል።